ለአንድ ሰው ብቻ የሠራሁት ፊልም

ስሜ ትዕግሥት ነው። የሚያውቁኝ ሰዎች «ስምሽና አንቺ ተዋውቃችሁ አታውቁም» ይሉኛል፤ እውነታቸውን ነው። ወረፋ ያሳብደኛል። ቁጭ ብዬ ሰው ሲያወራ መስማት አልችልም። ያሰብኩትን ሳልናገር ካደርኩ ራሴን ያመኛል። ይህን ቀድሜ የምነግራችሁ ኋላ ላይ «እሷ ደግሞ እንዴት ዝም አለች?» እንዳትሉኝ ነው። በዕድሜዬ አፌን የዘጋሁት ለአንድ ሳምንት ብቻ ነው። የምጽፈውም የዚያን ሳምንት ነገር ነው።

ያኔ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር። ያደግኩት ሰሜን ኬንያ፣ ካኩማ የስደተኞች ካምፕ ነው፤ ሁለተኛ ደረጃንም፣ ፎርም ፎርን፣ የጨረስኩት እዚያው ነው። ከዚያ በላይ የሚያስተምረኝ ስላልነበረ ወረቀቴን አሟልቼ ናይሮቢ መጣሁና ላቪንግተን አንድ ሀብታም ቤት ልጅ እጠብቅ ነበር። አንድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ማስታወቂያ ተነገረ። ዋምቡይ የምትባል ኬንያዊት ስለ ካምፕ የዕለት ኑሮ ፊልም ልትሠራ ነው፤ አማርኛ የሚችልና ካምፑን የሚያውቅ ረዳት ትፈልጋለች ተባለ። እኔ ካምፕ ሳለሁ በወጣቶች ማእከል ሦስት ወር ካሜራ ተምሬ ነበር። እጄን አወጣሁ። ከኋላዬ የተቀመጡት ሴቶች «ይቺ እንኳን ፊልም፣ አንድ ጸሎት ቁጭ ብላ አትጨርስም» ብለው ሲሳሳቁ ሰማኋቸው።

ዋምቡይ ክፉ ሰው አይደለችም። ይህንንም ቀድሜ ልናገር፤ ታሪኩ ውስጥ ክፉ ሰው ፈልጋችሁ እንዳትደክሙ።

«እኔ የምፈልገው ምንም ነገር የማይሆንበትን ቀን ነው» አለችኝ መጀመሪያ የተገናኘን ዕለት። «ሰው ሲያጥብ፣ ሲሰለፍ፣ ሲጠብቅ።»

«ካምፕ ውስጥ እሱማ ሞልቷል» አልኳት። ሳቀችና ቀጠረችኝ።

ለመጀመሪያው ቀረጻ ስንሄድ የመረጥነው ቤተሰብ የእትዬ ወርቄን ነው። እትዬ ወርቄ ካምፑ ውስጥ ከእኛ ቤት በስተጀርባ የምትኖር፣ ልጅ ሆኜ ጸጉሬን ትሠራኝ የነበረች ሴት ናት። ሁለት ልጆች ነበሯት፤ የዘጠኝ ዓመቷ ቤዛና የአራት ዓመቱ ናሆም። ባሏ ጋሽ ደምሴ ከሁለት ዓመት በፊት ሥራ ፍለጋ ያለ ፓስ፣ ያለ መንቀሳቀሻ ፈቃድ፣ ናይሮቢ ገብቶ፣ ኢምባካሲ አንድ መጋዘን ውስጥ ጭነት ያወርዳል። የካምፕ ስደተኛ ያለ ፓስ መንገድ ላይ ከተገኘ ይታሰራል። ሲመጣ ኬላው ላይ ማንም ሳይጠይቀው አልፏል። ዕድል ደግሞ ሁለቴ አይሰጥምና ተመልሶ ልጆቹን ሊያይ አልቻለም።

ቤዛ ከካሜራዬ ፊት አትጠፋም ነበር። እናቷን ስቀርጽ መሐል ትገባለች። ወረፋ ስቀርጽ ሰልፉን ትታ ትመጣለች። ሌንሱ ላይ አፍንጫዋን ልታስነካ ምንም ሳይቀራት ቆማ «አሁን አባቢ እያየኝ ነው?» ትለኛለች።

«አሁን አይደለም። በኋላ ነው የሚያይሽ።»

«በኋላ ስንት ቀን ነው?»

«ሂጂ ከዚህ! ቀረጻውን አበላሸሽው» እላታለሁ። እየሳቀች ትሮጣለች። ካሜራው ግን አይጠፋም ነበር። ሁሉንም ይዞታል።

ከአራት ወር በኋላ ለሁለተኛው ቀረጻ ተመለስን። ከመኪና እንደወረድኩ ዕቃ እንኳን ሳላወርድ ወደ እትዬ ወርቄ ቤት ሮጥኩ። ናሆም ደጃፉ ላይ ተቀምጦ በድንጋይ ቆርቆሮ ይቀጠቅጣል።

«ቤዛስ? ትምህርት ቤት ናት?» አልኩ ገና ከውጭ፣ እንደ ልማዴ ጮክ ብዬ።

ውስጥ የነበረች ጎረቤት ወጥታ ክንዴን ያዘችና ወደ ቤት ጎትታ አስገባችኝ፤ በሩንም ዘጋችው። ትኩሳት ነው አሉኝ። ሦስት ቀን ታመመች፤ በአራተኛው ጠዋት አልነቃችም። ከተቀበረች አሥራ ሰባት ቀኗ ነበር።

ጮኼ ላለቅስ አፌን ስከፍት እትዬ ወርቄ በእጇ ከደነችው። «ቀስ በይ። የሚደውልበት ሰዓት ነው።»

እውነትም ስልኩ ጮኸ። ፊቷን በሻርፗ ጠረገች፤ ጉሮሮዋን አጸዳችና አነሳችው። የጋሽ ደምሴ ድምፅ ለእኔም ይሰማኛል።

«ቤዛስ?»

«ውሃ ልትቀዳ ወጣች።»

«እኔ ስደውል ነው ሁልጊዜ የምትወጣው? ተኮራርፈናል እንዴ?»

«ምን ያኮራርፋችኋል። ልጅ አይደለች፣ መቼ ቤት ትቀመጣለች?»

«የላኩላት ሹራብስ ሆናት? ወይስ ሰፋት?»

«ልክ ነው፤ ልክክ ብሏል» አለች። ስልኩን ከዘጋች በኋላ ጭኗ ላይ አስቀምጣ ብዙ ጊዜ አየችው።

ያን ጊዜ ነው አለባበሷን ልብ ያልኩት። ሙቀቱ ድንጋይ የሚያቀልጥ ነበር፤ እሷ ግን ሁለት ቀሚስ ደርባለች። ላዩ ባለ አበባ ነው። አንገቷ ጋ ከውስጥ ጥቁሩ ይታያል። በቪዲዮ ሲደውል ጥቁር እንዳያይባት ነበር።

እኛ መርዶ በስልክ አንነግርም። ይህን ለእናንተ ማስረዳት አያስፈልገኝም። ሰውየው ብቻውን ሳይሆን፣ ማልዶ፣ ሽማግሌ ገብቶ፣ ሰው ከቦት ነው የሚነገረው። የካምፑ ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌዎች ከናይሮቢዎቹ ጋር በስልክ መክረው ነበር። ጋሽ ደምሴ ወደ ካምፕ የሚመልሰውን ፓስ አመልክቶ እየተጠባበቀ ነው። ፓሱ ይውጣለት፤ በሰላም ይግባ፤ ቤቱ ተቀምጦ፣ ሚስቱ አጠገቡ ሆና ይርዳ አሉ። አሁን ከሰማ ፓስ አይጠብቅም፤ አውቶቡስ ላይ ይወጣል፤ ኬላው ላይ ያስቀሩታል። ምክሩ ትክክል ነበር። ዛሬም ትክክል ነበር እላለሁ።

«የእሷን ቪዲዮ ላኪልኝ እያለ ነፍሴን አወጣት» አለችኝ እትዬ ወርቄ። «እየጠረጠረ ነው፤ ድምፁን አውቀዋለሁ። አንቺ ፊልም መቁረጥና መቀጠል ትችያለሽ አይደል?»

«እችላለሁ።»

«እንግዲያው የዱሮውን ከአሁኑ ጋር ቀጥይልኝ። እሷን ከእኛ ጋር አድርጊያት። ወስደሽ አሳዪውና ልቡ ይረፍ። ፓሱ እስኪወጣ ብቻ ነው፣ የኔ ልጅ።»

እምቢ ማለት ነበረብኝ። ለማንም እምቢ ማለት የማይከብደኝ ሰው ነኝ። ግን የሚለምነኝን ፊት አይቼ አልቻልኩም። ደግሞ እውነቱን ልናገር፤ ልቤ ውስጥ ሌላም ነገር ነበር። እንደምችለው አውቅ ነበር። የሁለት ጊዜ ቀረጻ ገጥሜ አንድ ቀን ማስመሰል እችላለሁ ብዬ ነበር፤ ማሳየትም ፈልጌ ነበር።

ናይሮቢ ተመልሰን ዌስትላንድስ፣ የዋምቡይ ቢሮ ውስጥ አራት ቀን ተቀመጥኩ። ተቀምጬ! ዋምቡይ ራሷ ገርሟት በበሩ ብቅ እያለች ታየኝ ነበር። የዱሮውን የጠዋት ብርሃን ከአዲሱ የጠዋት ብርሃን ጋር፣ የዱሮውን አቧራ ከአዲሱ አቧራ ጋር አገጣጠምኩ። እትዬ ወርቄ አሁን ስትጣራ ድምፅዋን አስገባሁና፣ ቤዛ ከአራት ወር በፊት ዘወር ስትል ምስሏን አስከተልኩ። እናትየዋ ትጣራለች፤ ልጅቷ ዘወር ትላለች። ሳየው እኔው ራሴ አምኜው ነበር።

ፊልሙ አልቋል። ሁሉም ነገር ሞልቷል። ግን አንድ ሾት፣ አንድ ቁራጭ ቀረጻ፣ ነበረችኝ። በሁለተኛው ጉዞ ቦኖ ውሃ ጋ የቀረጽኳት ናት። ማለዳ ነው፤ ጀሪካን እስከ መንገዱ ተሰልፏል፤ ሁሉም ነገር አፈር መስሏል። መሐል ላይ ቢጫ ሹራብ የለበሰች የጎረቤት ልጅ በእፍኟ ውሃ ትጠጣና ቀና ትላለች፤ ውሃው ከአገጭዋ እየተንጠባጠበ ፀሐይ ያበራበታል። በሕይወቴ እንደዚያ ያለ ሾት ቀርጬ አላውቅም። ዋምቡይ አይታው «ይህን አንቺ ነሽ የቀረጽሽው?» ብላ እንደገና አስደግማ አየችው። ለጋሽ ደምሴ የሚሆን ምንም ነገር የለበትም። ያለ እሱም ፊልሙ ይበቃ ነበር። መጨረሻው ላይ ቀጠልኩት። ለምን ብትሉኝ፣ ቆንጆ ስለሆነ ነው። ሌላ ምክንያት የለኝም።

ዋምቡይ የምሠራውን ስታውቅ ፊቷ ተለዋወጠ። «አባት እኮ ነው። ማወቅ መብቱ አይደለም?»

«መብቱ ነው። ግን ሰው መሐል ሆኖ ነው የሚያውቀው።»

ትንሽ አሰበችና «እሺ፤ ካሜራ ይዘሽ ሂጂ። ሲያይ ፊቱን ቅረጪው» አለችኝ።

«አልቀርጽም።»

«ቲጂ፣ ለፊልሙ…»

«አልቀርጽም አልኩ! እሱ ዕቃ አይደለም።» ካሜራውን መደርደሪያው ላይ ትቼ ላፕቶፔን ብቻ ይዤ ወጣሁ። ያን ቀን በራሴ ኮርቼ ነበር። ልብ በሉልኝ፤ ከዚያ ሳምንት የምኮራበት ነገር ቢኖር ይህ ብቻ ነበር።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ ኢምባካሲ ደረስኩ። ጋሽ ደምሴ የሚኖረው በቆርቆሮ በተሠራ ረጅም ግቢ ውስጥ፣ አንድ ክፍል ተከራይቶ ነው። አውሮፕላን ጣሪያውን ሊነካ ምንም ሳይቀረው ያልፋል። ሲያልፍ ሰው ወሬውን ያቆማል፤ ሲርቅ ካቆመበት ይቀጥላል።

በሩ ላይ ቆሞ ይጠብቀኝ ነበር። ኮት ለብሷል። በዚያ ፀሐይ፣ ቡናማ ኮት፣ አንገቱ ድረስ ተቆልፎ።

«የፊልም ሠሪዋ መጣች! ግቢ ግቢ። ካሜራሽስ?»

«ትቼው መጣሁ ጋሼ።»

«ምን? እኔ ለማን ብዬ ነው ታዲያ ከጠዋት ጀምሮ እንደ ሙሽራ የተገተርኩት? ይኸው ኮቱንም ከጓደኛዬ ተውሼ!» ሳቀ። «እኔንም ቀርጸሽ ትልኪላቸዋለሽ ብዬ ነበር። እነሱን ለእኔ ካመጣሽ፣ እኔን ለእነሱ መውሰድ ነበረብሽ።»

«በስልኬ እቀርጽሃለሁ። መጀመሪያ እይ፤ በኋላ።»

«በኋላ» አለ። «ጥሩ። በኋላ።»

ሶዳና የቻፓቲ ቂጣ ገዝቶ አስቀምጧል። የጭነት ሣጥን ገልብጦ ላፕቶፑን አስቀመጥንበት። ፀሐይ እንዳትገባ በሩን በብርድ ልብስ ጋረደው። ጎን ለጎን አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጥን።

አሥራ አንድ ደቂቃ ነው። እትዬ ወርቄ እሳት ስታያይዝ ሲያይ «ከሳች» አለ። ናሆም ሲመጣ «ይኼ ደግሞ ማን የሚሉት ጎረምሳ ነው?» አለ። ከዚያ ቤዛ ስክሪኑን ሞላችው።

«አሁን አባቢ እያየኝ ነው?»

«እያየሁሽ ነው!» አለ ጋሽ ደምሴ። «እያየሁሽ ነው የኔ እናት፤ ይኸው እያየሁሽ!» ጉልበቱን እየመታ ሳቀ። ናሆምን ስታጥበው ሳሙና ዓይኑ ገብቶ እሱ ሲያለቅስ፣ እሷ ደግሞ እሹሩሩ እያለች ይባስ ስትቀባው፣ ወደ ኋላው አልጋው ላይ እስኪወድቅ ሳቀ። «እናቷን! ቁርጥ እናቷን! ወርቄም እንዲህ ናት፤ ልታባብል ገብታ ታስለቅሳለች።»

እኔም ሳቅኩ። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፤ ከልቤ ነው የሳቅኩት። ለአንድ አፍታ ቤዛ አለች ብዬ ነበር።

መጨረሻ ላይ ቦኖው መጣ። «ውሃውስ በርትቶላቸዋል» አለና ፊልሙ አለቀ። ዓይኑን ጠረገ። ሶዳዬን ከፈተልኝ። አውሮፕላን አለፈ።

«ድገሚልኝ።»

ደገምኩለት። በዚህኛው ዙር አልሳቀም፤ ወደ ስክሪኑ ጠጋ ብሎ አንድ በአንድ ነበር የሚያየው። አባት ለሁለተኛ ጊዜ ሲያይ እንደዚያ እንደሆነ አላውቅም ነበር። ቦኖው ላይ ሲደርስ እጁን አነሳ።

«አቁሚው።»

አቆምኩት።

«ወደ ኋላ። ትንሽ ወደ ኋላ። እዚህ ጋ።» ጣቱን ስክሪኑ ላይ አስቀመጠ። ልጅቷ ደረት ላይ። በቢጫው ሹራብ ላይ ከተደረደሩት ነጭ ቁልፎች መሐል ሦስተኛው ቀይ ነበር። ያን ሾት መቶ ጊዜ አይቼዋለሁ። ብርሃኑን አይቻለሁ፤ ውሃውን አይቻለሁ። ቀዩን ቁልፍ ግን አላየሁትም።

«ይህን ሹራብ ከጊኮምባ ሰልባጅ ተራ የገዛሁት እኔ ነኝ» አለ ቀስ ብሎ። «አንድ ቁልፍ ጎድሎት ነበር። ነጭ አጣሁና ይህን ቀይ ከድሮ ሸሚዜ አውጥቼ ራሴ ሰፋሁት። መጋዘን ያሉት ልጆች ‹ልብስ ሰፊው› እያሉ ሳምንት ሙሉ ሳቁብኝ። ለቤዛ ነው የላኩት።»

ጣቱን ከቁልፉ ላይ አላነሳም።

«ይቺ የማን ልጅ ናት?»

«የጎረቤት።»

«ምነው የቤዛን ለበሰች?»

ስንት የሚባል ነገር ነበር! ተውሳት ነው ማለት ይቻላል። ተቀያይረው ነው፤ ጠቧት ነው፤ እናቷ ስትቸገር አይታ ሰጥታት ነው። ዛሬ ስቆጥር አሥር ውሸት አገኛለሁ። ያን ቀን አንድም አልመጣልኝም። አራት ቀን ሙሉ በማሽን ስዋሽ የሰነበትኩት ሴትዮ፣ በአፌ አንድ ቃል መዋሸት አቃተኝ። ፊቴን አየው። እኔም ፊቴን መደበቅ አልቻልኩበትም።

«ልብሷን ሰጥተዋል» አለ።

እየጠየቀኝ አልነበረም። የእኛ ሰው የልጁ ልብስ በሰው ልጅ ላይ መቼ እንደሚታይ ያውቃል።

«መቼ ነው?»

«አራት ሳምንት ሊሆነው ነው» አልኩ።

«ዐርብ ዐርብ ስደውል ወጥታለች ትለኝ ነበር» አለ። ተነሣና ኮቱን አወለቀ። የተዋሰው ኮት ስለሆነ ነው መሰለኝ፣ እጅጌውን ከእጅጌው ገጥሞ፣ በሥርዓት አጥፎ አልጋው ላይ አስቀመጠው። ከዚያ መሬት ላይ ተቀመጠ። የጮኸው ድምፅ እስከ ዛሬ ጆሮዬ ውስጥ አለ። ጎረቤቱ የሆነች ኬንያዊት እናት ብርድ ልብሱን ገልጣ ገባች። ምን እንደሆነ ሳትጠይቅ አጠገቡ ተንበርክካ በስዋሂሊ «ፖሌ፣ ፖሌ ሳና»፣ አይዞህ፣ እያለች ጀርባውን ትደባብሰው ጀመር። እኔ ላፕቶፑን እንኳ አልዘጋሁትም። ልጅቷ ስክሪኑ ላይ ውሃ እየጠጣች እንደቆመች ነበር።

ለጋሽ ኤልያስ ደወልኩላቸው። የናይሮቢው ቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ ናቸው፤ ፓሱን የሚከታተሉለትም እሳቸው ነበሩ። ከሁለት ወንድሞች ጋር በሚኒባስ ታክሲ፣ በማታቱ፣ ደረሱ። ጋሽ ደምሴን አቅፈው አብረው አለቀሱ፤ ጸለዩ። ከዚያ እኔን ወደ ደጅ ጠሩኝ።

«አንቺ ልጅ፣ ማን ላከሽ?»

«እትዬ ወርቄ።»

«እኛን አማከርሽ?»

«አላማከርኩም።»

«እኛ እኮ ማልደን ለመግባት ቀኑን ስንቆጥር ነበር። በጌታ ስም! መርዶውን በማሽን አስነገርሽው» አሉኝ። አልተቆጡም። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

ተመልሰን ስንገባ ጋሽ ደምሴ «ዛሬ ልሂድ» እያለ ነበር።

«ማክሰኞ ፓሱ ይወጣል ተብሏል» አሉት ጋሽ ኤልያስ። «እስከ ማክሰኞ ታገሥ። እሷ እንደሆነች የትም አትሄድ።»

«ስንት ማክሰኞ ነው ልጄ አፈር ውስጥ ያለችው፣ ጋሽ ኤልያስ?»

«ኬላው ላይ ቢይዙህስ? ወርቄ ማንን ትቅበር፣ ማንን ትጠብቅ?»

በኋላ «እሺ፤ እጠብቃለሁ» አለ። ሁላችንም አመንነው፤ ወይም ማመን ፈልገን ነበር። ከመውጣቴ በፊት ስልኩን ሰጠኝ።

«ፊልሙን አስገቢልኝ።»

«ጋሼ፣ ይቅር…»

«አስገቢልኝ። መጨረሻውንም እንዳትቆርጪ።»

አስገባሁለት። ያን ጊዜ በስልክ ልቀርጸው ቃል መግባቴ ትዝ አለኝ። ግን እንዴት ተብሎ?

በነጋታው እሑድ መዝሙር መሐል ጋሽ ኤልያስ ዘግይተው ገቡ። መቀመጫቸው ጋ ሳይደርሱ ወደ እኔ መጡና ጎንበስ ብለው «ሄዷል» አሉኝ። ኮቱን ለዚያች ጎረቤቱ አደራ ሰጥቶ በንጋት አውቶቡስ ተሳፍሯል። ስልኩ አይሠራም። ዘማሪዎቹ እየዘመሩ ነበር። ቆሜ መዘመር አልቻልኩም፤ መቀመጥም አልቻልኩም። ወጥቼ እስከ ዋናው መንገድ ድረስ ሄድኩና ተመለስኩ። እንደገና ሄድኩና ተመለስኩ።

ሰኞ ከቀትር በኋላ አብሮት የተሳፈረ አንድ ሰው ደወለ። ኬላው ላይ ወረቀት ሲጠይቁት ስልኩን አውጥቶ ቪዲዮ ያሳያቸው ጀመር አለ። «ልጄ ናት፤ ልቀብራት ነው» ይላቸዋል። ፖሊሱ ቪዲዮውን አየና «ይቺማ ደህና ናት፤ እየሳቀች ነው» አለው። ከአውቶቡሱ አወረዱት።

እኔ ነኝ በሕይወት ያስመሰልኳት። በደንብ ነው የሠራሁት።

ማክሰኞ ጠዋት በጋሽ ኤልያስ ስልክ ላይ መልእክት ገባ፤ ፓሱ ዝግጁ ነው፣ ባለቤቱ ራሱ ቀርቦ ይውሰድ ይላል። ባለቤቱ ፍርድ ቤት ቀርቦ ያለ ፓስ በመንቀሳቀስ ተፈረደበት። መቀጮውን የሚከፍል አልነበረም። ይህን ስጽፍም እስር ቤት ነው።

ለእትዬ ወርቄ የደወልኩት እኔ ነኝ። ሌላ ሰው እንዲነግርልኝ ተማጽኜ ነበር፤ ጋሽ ኤልያስ ግን «አንቺው» አሉኝ። ሁሉንም ነገርኳት። ሹራቡን፣ ቁልፉን፣ ኬላውን። እስክትረግመኝ ጠበቅኩ።

«እኔ ነኝ የሰጠሁት» አለች። «አንድ እሑድ ብቻ ነው የለበሰችው። ባየሁት ቁጥር ልቤ ሲወጣብኝ፣ ይቺን ልጅ እንኳን ያሙቃት ብዬ…» ከዚያ «ሲያያት ሳቀ?» አለችኝ።

«ሳቀ።»

«የት ጋ?»

ነገርኳት።

ፊልሙ ዌስትላንድስ ታየ፤ የዋምቡይ ማለቴ ነው፣ ትልቁ። ቦኖውን አውጪው ብዬ ለምኛት ነበር። «ፊልሙ ያለው እሱ ላይ ነው» አለችኝ። እንደ ሥራ ካየነው ትክክል ናት። ሹራቡ ስክሪኑ ላይ ሲመጣ አዳራሹ በሙሉ «ውይ» ሲል ሰማሁት። እንዴት ያምራል ማለታቸው ነበር። ወጣሁ። ከዚያ ወዲህ ለዋምቡይ አልሠራሁም። ላቪንግተን ተመልሼ ልጅ እጠብቃለሁ።

ከዚህ ምን ተማርሽ የምትሉኝ ትኖራላችሁ። ይህን ጥያቄ ቤተ ክርስቲያንም ይጠይቁኛል፤ ምስክርነት እንድሰጥ ይፈልጋሉ። እንዲህ ነው የምላችሁ፤ ካሜራ የያዘ ሰው ብርሃኑን ያያል፤ ቤቱ የተቃጠለበት ሰው ግን ቁልፏን ነው የሚያየው። ይህን አወቅኩ። ማወቄ ለማን ጠቀመ? ጋሽ ደምሴን አላስፈታ፤ ቤዛን አላስነሳ። የካምፕ ኑሮ ፊልም ስታዩ ቀለሙ ደስ ካላችሁ ግን፣ ቀለሙን የለበሰው ሰው ልብሱን ከየት አመጣው ብላችሁ አንዴ ጠይቁ። ሌላ ምክር የለኝም።

አንድ ነገር ብቻ ቀርቶኛል። እትዬ ወርቄ አሁን ዐርብ ዐርብ የምትደውለው ለእኔ ነው። ባለፈው ዐርብ ስለ ናሆም፣ ስለ ራሽን ስታወራኝ ቆይታ ድንገት አቋረጠችና «ትዕግሥት» አለችኝ።

«አቤት እትዬ።»

«ሲስቅ፣ ያን ቀን… አልቀረጽሽውም?»

«አልቀረጽኩትም።»

«በስልክሽም?»

«በስልኬም።»

ከስልኩ ወዲያ ናሆም ቆርቆሮ ሲቀጠቅጥ ይሰማኛል።

«ምነው ልጄ» አለችኝ። «ሁሉን ትቀርጪ አልነበር?»